በራሳቸው የሚወርዱ መተግበሪያዎች

በራሳቸው የሚወርዱ መተግበሪያዎች የሚባሉት፣ የስልኩ ወይም የታብሌቱ ባለቤት በዚያ ሰዓት ሳያዝ ከኢንተርኔት ወርደው መሣሪያው ላይ የሚጫኑ ወይም የሚታደሱ ፕሮግራሞች ናቸው። መተግበሪያ በዕለት ተዕለት ንግግር አፕ ይባላል። በራሱ ከሚወርደው ውስጥ አብዛኛው ባለቤቱ አንድ ጊዜ የፈቀደው ወይም መሣሪያው ከፋብሪካ ሲወጣ ተፈቅዶ የመጣ ማዘመኛ፣ በተለምዶ አፕዴት የሚባለው ነው። ሌላው ግን የስልክ አምራቾችና የቴሌኮም ድርጅቶች ለማስታወቂያ ብለው የሚልኩት፣ አንዳንዴም አጥፊ ሶፍትዌር ወይም ማልዌር የሚያስገባው ነው።

የሚያስከትለው ጉዳት ሦስት ዓይነት ነው። አንደኛው የገንዘብ ነው፦ ኢንተርኔትን በሜጋባይት ጥቅል ገዝቶ የሚጠቀም ሰው ጥቅሉ ሳያስበው ያልቅበታል። ሁለተኛው የቦታ ነው፦ አነስተኛ ማከማቻ ያለው ስልክ ይሞላና ፎቶ ማንሳት እንኳ ይከለክላል። ሦስተኛው የደህንነት ነው፦ ምንጩ ያልታወቀ መተግበሪያ የጽሑፍ መልእክት ሊያነብ፣ ባለቤቱን በማያውቀው የክፍያ አገልግሎት ሊያስመዘግብ ወይም የባንክ ምስጢር ሊሰርቅ ይችላል።

ማስቆሚያው እንደ ምንጩ ይለያያል። በጉግል ፕሌይ የሚገኘውን ማጥፊያ መዝጋት ከአምራቹ መደብር የሚመጣውን አያግድም፤ ከማልዌር የሚመጣውንም እንዲሁ። ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራ መተግበሪያው በየትኛው በር እንደገባ ማወቅ ነው።

ታሪክ

የአፕል አፕ ስቶር እ.ኤ.አ. ጁላይ 10 ቀን 2008 በ500 መተግበሪያዎች ተከፈተ። የጉግል አንድሮይድ ማርኬት በዚያው ዓመት በኦክቶበር ተከተለ፤ በማርች 2012 ስሙ ጉግል ፕሌይ ተባለ። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት እያንዳንዱን ማዘመኛ ባለቤቱ ራሱ መርጦ ማውረድ ነበረበት። ብዙ ሰው ይህን ስለማያደርግ፣ ስህተታቸው ከታወቀና ማረሚያ ከወጣላቸው በኋላም አሮጌዎቹ መተግበሪያዎች በስልኮች ላይ ይቆዩ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ2010 የወጣው አንድሮይድ 2.2 መተግበሪያዎች በራሳቸው እንዲታደሱ የሚያስችል ምርጫ አመጣ። በ2011 ጉግል መደብሩን በኮምፒውተር ማሰሻ በኩል ከፈተ፤ ከዚያ ወዲህ ሰው ከኮምፒውተሩ ሆኖ ራቅ ወዳለ ስልኩ መተግበሪያ መላክ ይችላል። በዚያው ዓመት አፕል ከአይክላውድ አገልግሎት ጋር፣ በአንድ መሣሪያ ላይ የተወሰደ መተግበሪያ በሌሎቹም ላይ በራሱ እንዲወርድ አደረገ። በሴፕቴምበር 2013 የወጣው አይኦኤስ 7 ደግሞ መተግበሪያዎች ያለ ጥያቄ እንዲታደሱ አስቻለ።

እነዚህ ሁሉ የመጡት ለምቾትና ለደህንነት ነው። አብረው ያመጡት ጥያቄ ግን እስካሁን አልተዘጋም፦ በስልኩ ላይ ምን መቀመጥ እንዳለበት የሚወስነው ማን ነው?

ያለ ጥያቄ የመጫን ሥልጣን

በአንድሮይድ ላይ ተራ መተግበሪያ ሌላ መተግበሪያን በድብቅ መጫን አይችልም። ሊጭን ሲሞክር ስልኩ ባለቤቱን ይጠይቃል፤ ባለቤቱ እሺ ካላለ ሥራው አይቀጥልም። ከእ.ኤ.አ. 2017ቱ አንድሮይድ 8 ጀምሮ ይህ ፈቃድ ለእያንዳንዱ መተግበሪያ ለየብቻው የሚሰጥ ሆኗል። በ2021 የወጣው አንድሮይድ 12 ደግሞ አንድ መደብር ራሱ የጫነውን መተግበሪያ ዳግመኛ ሳይጠይቅ እንዲያድስ ፈቅዷል።

ሳይጠይቁ የመጫን ሙሉ ሥልጣን ያላቸው የስርዓቱ አካል ሆነው ከፋብሪካ የመጡ ፕሮግራሞች ናቸው። ጉግል ፕሌይ ከእነዚህ አንዱ ነው። የሳምሰንግ ጋላክሲ ስቶር፣ የሁዋዌ አፕጋለሪ፣ የሻዎሚ ጌትአፕስ እንዲሁም በቴክኖና በኢንፊኒክስ ስልኮች ላይ የሚገኘው ፓልም ስቶርም በስልኮቹ ላይ ተጭነው ይመጣሉ። ስለዚህ አንድ መተግበሪያ ምንም ጥያቄ ሳይቀርብ ከታየ፣ ያመጣው ከሁለት አንዱ ነው፦ ሥልጣን ያለው የስርዓት ፕሮግራም፣ ወይም ያንን ሥልጣን የሰረቀ ማልዌር።

በአይፎንና በአይፓድ በሩ ጠበብ ያለ ነው። መተግበሪያ በመደበኛነት የሚገባው በአፕ ስቶር በኩል ነው። በአውሮፓ ኅብረት አገሮች ከማርች 2024 ጀምሮ ሌሎች መደብሮችም ተፈቅደዋል። ከዚህ ሌላ መሥሪያ ቤት ወይም ትምህርት ቤት የሚያስተዳድረው መሣሪያ ከሆነ፣ አስተዳዳሪው ከሩቅ ሆኖ መተግበሪያ ሊጭን ይችላል።

መንስኤዎች

ማዘመኛ፦ በጣም የተለመደው ይህ ነው። አዲስ ምልክት በስክሪኑ ላይ አይታይም፤ የሚታየው የዳታ ማለቅ ነው።

የጋራ አካውንት፦ ሁለት ሰዎች በአንድ አካውንት ሲጠቀሙ አንዱ የወሰደው በሌላው ስልክ ላይ ሊታይ ይችላል። ውጭ አገር ያለ ዘመድ የራሱን አይፎን አካውንቱን ሳያወጣ ወደ አገር ቤት ቢልክ፣ ዘመዱ አሜሪካ ላይ የሚያወርደው ጨዋታ አዲስ አበባ ባለው ስልክ ላይ ሊወርድ ይችላል። ስልክ የሸጠው ሰው በከፈተው የጉግል አካውንት የሚጠቀምና የይለፍ ቃሉን የማያውቅ ገዢም ያው ነው፤ የይለፍ ቃሉን የያዘ ሰው በኮምፒውተር በኩል ወደዚያ ስልክ መተግበሪያ መላክ ይችላል።

መልሶ መጫንና ቅድመ ምዝገባ፦ አዲስ ስልክ ከአሮጌው መጠባበቂያ ቅጂ ሲሞላ፣ የቀድሞዎቹ መተግበሪያዎች ሁሉ በአንድ ጊዜ መውረድ ይጀምራሉ። ገና ላልወጣ ጨዋታ በጉግል ፕሌይ ቀድሞ የተመዘገበ ሰውም ጨዋታው በወጣ ቀን በራሱ ሊወርድለት ይችላል።

የአምራችና የቴሌኮም ጫኚዎች፦ አንዳንድ ስልኮች ሲምካርድ እንደገባላቸው ወይም ትልቅ የስርዓት ማዘመኛ እንዳበቃ ጨዋታዎችንና የገበያ መተግበሪያዎችን ያወርዳሉ። በአሜሪካ የቴሌኮም ድርጅቶች ለዚህ ሥራ የተጠቀሙበት ዲቲ ኢግናይት የተባለው ፕሮግራም ይታወቃል። አስተዋዋቂው ለእያንዳንዱ ጭነት ስለሚከፍል ሥራው ለጫኚው ገቢ ነው።

ማልዌር፦ ብዙውን ጊዜ የሚገባው ከመደብር ውጭ በመጣ ፋይል ነው። በቴሌግራም ቻናል የተለጠፈ፣ ከጓደኛ ስልክ በፋይል ማጋሪያ የተላለፈ ወይም በድረ ገጽ ላይ «ስልክዎ በቫይረስ ተይዟል» ከሚል ማስታወቂያ የወረደ ሊሆን ይችላል። አንዴ ከገባ በኋላ ሌሎችን ይጠራል።

ምንጩን መለየት

በአንድሮይድ «ሴቲንግስ» ተከፍቶ፣ «አፕስ» ውስጥ የተጠረጠረው መተግበሪያ ሲነካ፣ ከገጹ ግርጌ «አፕ ዲቴይልስ» የሚል መስመር አለ። ይህ መስመር መተግበሪያው ከየትኛው መደብር እንደተጫነ ይናገራል። ጉግል ፕሌይ የሚል ከሆነ መንስኤው ማዘመኛ ወይም አካውንት ነው። የአምራቹን መደብር ስም የሚጠቅስ ከሆነ መፍትሔው እዚያው መደብር ውስጥ ነው። የማሰሻ፣ የቴሌግራም ወይም የፋይል ማጋሪያ ስም ከተጻፈ ከመደብር ውጭ የገባ ነው። መስመሩ ጭራሽ ከሌለ፣ መተግበሪያው ከስልኩ ጋር የመጣ ወይም ጫኚው ያልታወቀ ሊሆን ይችላል።

የቀንም ፍንጭ አለ። ችግሩ ከመጀመሩ በፊት በነበሩት ጥቂት ቀናት የተጫነው መተግበሪያ ቀዳሚው ተጠርጣሪ ነው። የእጅ ባትሪ ሆኖ የጽሑፍ መልእክት ለማንበብ ፈቃድ የሚጠይቅ መተግበሪያም እንዲሁ ሊጠረጠር ይገባል።

በአንድሮይድ ላይ ማስቆም

የምርጫዎቹ ስም እንደ አምራቹና እንደ ስርዓቱ ዕድሜ መጠነኛ ልዩነት አለው፤ ቅደም ተከተሉ ግን ተቀራራቢ ነው።

1. ጉግል ፕሌይን ከፍቶ በላይኛው ጥግ ያለውን የአካውንት ምስል መንካት። ከዚያ «ሴቲንግስ»፣ ቀጥሎ «ኔትወርክ ፕረፈረንስስ»፣ ቀጥሎም «አውቶ-አፕዴት አፕስ»። እዚህ ማዘመኛን ሙሉ በሙሉ መዝጋት ወይም በዋይፋይ ብቻ እንዲሆን መምረጥ ይቻላል።

2. አንድን መተግበሪያ ብቻ ለመዝጋት በጉግል ፕሌይ የመተግበሪያውን ገጽ ከፍቶ፣ በላይ በኩል ያሉትን ሦስት ነጥቦች ነክቶ «ኢኔብል አውቶ አፕዴት» ከሚለው ላይ ምልክቱን ማንሳት።

3. ስልኩ ሌላ መደብርም ካለው፣ እዚያም ገብቶ ተመሳሳዩን ምርጫ መዝጋት። የመደብሩን ማስታወቂያዎችና «ይመከራሉ» የሚላቸውን መተግበሪያዎች ማጥፋትም ይጠቅማል።

4. በ«ሴቲንግስ» ውስጥ «ስፔሻል አፕ አክሰስ» ከሚለው «ኢንስቶል አንኖውን አፕስ» የሚለውን መክፈት። እዚህ ፈቃድ የተሰጣቸው ማሰሻዎች፣ ቴሌግራምና የፋይል ማጋሪያዎች ተዘርዝረው ይታያሉ፤ የሁሉንም ፈቃድ ማንሳት ይመከራል። አንድ ቀን ቢያስፈልግ ስልኩ ራሱ ይጠይቃል።

5. አዲስ ስልክ ሲከፈት የሚቀርቡትን የ«ተጨማሪ መተግበሪያዎች» ዝርዝሮች ሳያነቡ እሺ አለማለት። ምልክቶቹ ብዙ ጊዜ አስቀድመው የተደረጉ ስለሆኑ አንድ በአንድ ማንሳት ያስፈልጋል።

ከስርዓቱ ጋር የመጣ ጫኚ ብዙ ጊዜ ሊራገፍ አይችልም፤ ነገር ግን «ዲሴብል» በሚለው ሊሰናከል ይችላል። የተሰናከለ ፕሮግራም ቦታ ቢይዝም አይሠራም። ያም ካልተፈቀደ የዳታ አጠቃቀሙን መገደብ ቀሪው አማራጭ ነው።

በአይፎንና በአይፓድ ላይ ማስቆም

በ«ሴቲንግስ» ውስጥ «አፕ ስቶር» የሚለውን መክፈት ያስፈልጋል፤ በአይኦኤስ 18 እና ከዚያ በኋላ ባሉት «አፕስ» ከሚለው ሥር ይገኛል። «አውቶማቲክ ዳውንሎድስ» በሚለው ክፍል ሁለት የተለያዩ ማጥፊያዎች አሉ። አንደኛው በሌላ መሣሪያ ላይ የተወሰዱ መተግበሪያዎች እዚህም እንዳይወርዱ ያግዳል። ሁለተኛው የማዘመኛ ነው። ሳይፈለግ አዲስ ምልክት ስክሪኑ ላይ ብቅ የሚልበት ሰው መዝጋት ያለበት የመጀመሪያውን ነው፤ ሁለተኛውን እንደተከፈተ መተው ይችላል።

ከዚያ ዝቅ ብሎ በሞባይል ዳታ መውረድን የሚከለክል ማጥፊያ አለ። መተግበሪያው ከ200 ሜጋባይት በላይ ሲሆን አስቀድሞ እንዲጠይቅ ማድረግም ይቻላል።

መሣሪያው የመሥሪያ ቤት ወይም የትምህርት ቤት ከሆነ፣ በ«ጄነራል» ሥር «ቪፒኤን ኤንድ ዲቫይስ ማኔጅመንት» የሚለው ገጽ አስተዳዳሪውን ያሳያል። ያልታወቀ ስም ካለበት ሁለተኛ እጅ የተገዛ ስልክ መሆኑን መጠርጠርና ሻጩን መጠየቅ ተገቢ ነው።

በልጆች መሣሪያ ላይ

በልጅ እጅ ያለ ታብሌት ላይ ብዙው መተግበሪያ የሚገባው ልጁ የጨዋታ ማስታወቂያ ሲነካ ነው። በጉግል ፋሚሊ ሊንክ ወላጅ እያንዳንዱ አዲስ መተግበሪያ በእሱ ፈቃድ ብቻ እንዲወርድ ማድረግ ይችላል። በአፕል መሣሪያዎች ደግሞ «ስክሪን ታይም» ውስጥ መተግበሪያ መጫንን ጨርሶ መከልከል ይቻላል። ልጁ የማያውቀው የይለፍ ቁጥር ካልተደረገ ግን ሁለቱም ዋጋ የላቸውም።

ተራግፎ የሚመለስ መተግበሪያ

መተግበሪያው ከተራገፈ በኋላ ከተመለሰ የሚከተለው ቅደም ተከተል ይመከራል። በመጀመሪያ ኢንተርኔቱን ማጥፋት፤ አዲስ ነገር እንዳይወርድ። ቀጥሎ በደህንነት ምርጫዎች ውስጥ «ዲቫይስ አድሚን አፕስ» የሚለውን ዝርዝር ማየት፤ እዚያ የተመዘገበ መተግበሪያ ሥልጣኑ ካልተነሳ አይራገፍም። ከዚያ ስልኩን በ«ሴፍ ሞድ» ማስነሳት፤ በዚህ ሁኔታ ከፋብሪካ በኋላ የተጫኑ መተግበሪያዎች አይሠሩም፤ ተጠርጣሪውንም ማራገፍ ይቀላል። በመጨረሻ ኢንተርኔቱን መልሶ ጉግል ፕሌይ ፕሮቴክት ስልኩን እንዲፈትሽ ማድረግ። የጉግል አካውንቱን የይለፍ ቃል መቀየርና ያልታወቁ መሣሪያዎችን ከአካውንቱ ማስወጣትም አብሮ መደረግ አለበት።

ይህ ሁሉ ካልሠራ ፎቶና አድራሻዎችን አስቀምጦ «ፋክተሪ ሪሴት» ማድረግ ይቀራል። ይህም ሁልጊዜ አይበቃም። ፋክተሪ ሪሴት የሚያጠፋው የተጠቃሚውን ክፍል ነው፤ የስርዓቱን ክፍል አይነካም። ማልዌሩ ወደ ስርዓቱ ክፍል ራሱን ገልብጦ ከሆነ ወይም ከፋብሪካ አብሮ ከመጣ ተመልሶ ይነሳል። ያኔ የሚያስፈልገው የስልኩን ስርዓት በአዲስ መተካት፣ በጥገና ቤቶች አነጋገር «ፍላሽ» ማድረግ ነው።

የታወቁ ክስተቶች

እ.ኤ.አ. ሴፕቴምበር 9 ቀን 2014 አፕል የአየርላንዱን የዩ ቱ ባንድ አዲስ አልበም ለግማሽ ቢሊዮን ገደማ የአይቲዩንስ አካውንቶች በነጻ ሰጠ። አውቶማቲክ ማውረጃን ከፍተው የነበሩ ሰዎች ያልጠየቁትን አልበም ስልካቸው ላይ አገኙት። ብዙዎች ስላጉረመረሙ አፕል ከስድስት ቀን በኋላ ማጥፊያ ገጽ አወጣ። ነገሩ ሙዚቃ ቢሆንም፣ ስጦታም ቢሆን ሳይጠየቅ ሲገባ ሰውን እንደሚያስቆጣ አሳይቷል።

በጁን 2021 በአሜሪካ ማሳቹሴትስ ግዛት የኮቪድ-19 ንክኪ ማሳወቂያ የሆነው ማስኖቲፋይ በአንዳንድ የአንድሮይድ ስልኮች ላይ ባለቤቶቹ ሳይጭኑት ታየ። ጉግል ባለቤቱ ራሱ ካልከፈተው በስተቀር የማሳወቂያው አገልግሎት እንደማይሠራ ገለጸ፤ ያለፈቃድ መውረዱ ግን ብርቱ ትችት አስከተለ።

ኢትዮጵያን በቀጥታ የሚነካው ክስተት በኦገስት 2020 ይፋ ሆነ። የአፕስትሪም ድርጅት ሴኪዩር-ዲ የተባለው የደህንነት ክፍል ባወጣው ሪፖርት መሠረት፣ ትሪያዳ የተባለ ማልዌር በቴክኖ ደብልዩ 2 ስልኮች ላይ ከፋብሪካ አብሮ ተገኝቷል። ትሪያዳ ኤክስሄልፐር የተባለውን ሌላ ማልዌር እያወረደ ባለቤቶቹን ሳያውቁ በክፍያ አገልግሎቶች ለማስመዝገብ ይሞክር ነበር። ሪፖርቱ ከ200,000 በላይ ከሆኑ ስልኮች 19.2 ሚሊዮን አጠራጣሪ ግብይቶች መመዝገባቸውን ገልጾ፣ በዋናነት ኢትዮጵያን፣ ካሜሩንን፣ ግብፅን፣ ጋናንና ደቡብ አፍሪካን ጠቅሷል። አምራቹ ትራንሽን ጥፋቱ በአቅርቦት ሰንሰለቱ ውስጥ ያለ የሌላ ወገን መሆኑንና ማረሚያ ማውጣቱን ተናግሯል። ማረሚያው የሚደርሰው በስርዓት ማዘመኛ በኩል ስለሆነ፣ ማዘመኛውን ያልጫነ ባለቤት ከማልዌሩ ጋር ይቆያል።

ማዘመኛን መዝጋት የሚያስከትለው

ከላይ ያለው ክስተት የጉዳዩን ሁለት ገጽታ ያሳያል። ያልተፈለገውን የሚያስገባው በር የደህንነት ማረሚያውንም ያስገባል። ማዘመኛን ሁሉ ዘግቶ የረሳ ሰው ዳታውን ያተርፋል፤ ነገር ግን ቀዳዳቸው የታወቀ አሮጌ መተግበሪያዎችን ይዞ ይቀራል። የባንክና የሞባይል ገንዘብ መተግበሪያዎች ደግሞ አሮጌ ሲሆኑ መሥራት ሊያቆሙ ይችላሉ።

መካከለኛው መንገድ የመተግበሪያዎችን ማዘመኛ በዋይፋይ ብቻ ማድረግ ነው። ዋይፋይ የማያገኝ ሰው ማዘመኛውን ዘግቶ በሳምንት አንድ ቀን ጉግል ፕሌይ ወይም አፕ ስቶር ውስጥ እየገባ ባንክ፣ ማሰሻና የመልእክት መተግበሪያዎችን ብቻ መርጦ ሊያድስ ይችላል፤ ጨዋታዎች መቆየት ይችላሉ። የስልኩን ስርዓት የደህንነት ማዘመኛ ግን መዝጋት አይመከርም።

ሕግ

ከማርች 2024 ጀምሮ የአውሮፓ ኅብረት የዲጂታል ገበያዎች ሕግ ታላላቆቹ ድርጅቶች ከስልኩ ጋር የመጡ መተግበሪያዎችን ተጠቃሚው በቀላሉ እንዲያራግፍ እንዲፈቅዱ ያስገድዳል፤ ለስርዓቱ ሥራ የግድ የሆኑት ብቻ አይካተቱም። በጃንዋሪ 2020 ከ50 በላይ ድርጅቶች ይህንኑ መብት ለሁሉም የአንድሮይድ ተጠቃሚዎች እንዲሰጥ ለጉግል ግልጽ ደብዳቤ ጽፈው ነበር።

በኢትዮጵያ የኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ጉዳት እንዲያደርስ ታስቦ የተሠራ ፕሮግራምን ማሰራጨትና ያለፈቃድ ወደ ሰው የኮምፒውተር ስርዓት መግባትን በወንጀል ያስቀጣል። የግል ዳታ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 ደግሞ የሰውን የግል መረጃ ለመሰብሰብና ለመጠቀም እንደ ባለቤቱ ፈቃድ ያለ ሕጋዊ መሠረት ይጠይቃል። የሁለቱም አዋጆች ቁጥር በኢትዮጵያ ዘመን አቆጣጠር የተሰጠ ነው። በማያውቀው አገልግሎት ተመዝግቦ ሂሳብ የተቆረጠበት ሰው መልእክቶቹን ሳያጠፋ፣ የመተግበሪያውን ስምና የተጫነበትን ምንጭ የሚያሳየውን ገጽ ፎቶ አንስቶ መያዙ አቤቱታውን ለማስረዳት ይረዳዋል።